ኮረጁ የተባሉት ወንድማማቾች፦ የክሊንች ማውንቴን ቦይስ ጉዳይ፣ 1946–1954

በ1948 ሪች አር ቶን የተባለ አነስተኛ ሸክላ አሳታሚ በቴነሲ ክፍለ ግዛት ከምትገኘው ጆንሰን ሲቲ አንድ የፈረስ እሽቅድምድም ዘፈን ለገበያ አቀረበ። (በዚህ ጽሑፍ የተጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በጎርጎርዮስ አቆጣጠር ናቸው።) ዘፈኑ «ሞሊ እና ቴንብሩክስ» ይባላል። የተጫወቱት ደግሞ ስታንሊ ብራዘርስ እና ክሊንች ማውንቴን ቦይስ በሚል ስም የሚታወቁ የቨርጂኒያ ተራራ ልጆች ናቸው። ይሁንና ያ ፍጥነት፣ ያ የባንጆ (ክብ ቆዳ የተወጠረበት ባለ አምስት ክር መሣሪያ) አመታትና ያ ሽቅብ የሚወጣ ድምፅ የማን እንደሆነ ቅዳሜ ማታ ሬዲዮውን ወደ ናሽቪል የሚያዞር አድማጭ ሁሉ ያውቅ ነበር። የማንዶሊን ተጫዋቹና የባንድ መሪው የቢል ሞንሮ ነው። ሞንሮ ዘፈኑን በኦክቶበር 1947 ለኮሎምቢያ ኩባንያ ቀርጾት ነበር፤ ሸክላው ግን እስከ 1949 ድረስ አልወጣም። ቅጂው ከዋናው ቀድሞ ሱቅ ገባ ማለት ነው።

ዛሬ ብሉግራስ የምንለው የአሜሪካ ገጠር የክር መሣሪያ ሙዚቃ ያን ጊዜ ስም አልነበረውም። በ1939 ተመሥርቶ ብሉ ግራስ ቦይስ የሚል ስም የወጣለት የአንድ ሰው፣ የሞንሮ፣ ባንድ ድምፅ ነበር፤ ስሙ ለሙዚቃው ዓይነት በሙሉ መጠሪያ የሆነው በ1950ዎቹ ውስጥ ነው። የሙዚቃ ታሪክ ጸሐፊዎች የ1948ቱን ሸክላ ደጋግመው የሚያነሡትም ለዚህ ነው፦ የአንድ ሰው ድምፅ ሌሎች ሊማሩትና ሊሠሩበት የሚችል የጋራ ሙያ መሆን መጀመሩን የሚያሳይ የመጀመሪያ ማስረጃ አድርገው ይቆጥሩታል። እኔም በዚህ እስማማለሁ። ነገር ግን ጉዳዩን ከቅጂው ብቻ ያየው ሰው ግማሹን ያጣል። እነዚህ ልጆች የሚታወሱት ከሞንሮ ባልወሰዱት ነገር ነው፤ ያ ደግሞ ከቤታቸው ነበር።

ቤታቸው ዲከንሰን ካውንቲ ነው፤ የቨርጂኒያ ደቡብ ምዕራብ ጥግ፣ ለኬንታኪ ወሰን የቀረበ፣ የድንጋይ ከሰልና የእንጨት አገር። ካርተር ስታንሊ በ1925፣ ራልፍ በ1927 ተወለዱ። (ካርተር እዚህ የመጀመሪያ ስም ነው፤ ከዚያው ከክሊንች ተራራ ግርጌ የወጣውና በ1927 በብሪስቶል ከተማ በተደረገው ቀረጻ የታወቀው የካርተር ቤተሰብ ሌላ ነው።) አባታቸው ሊ ስታንሊ የእንጨት መሰንጠቂያ ነበራቸው። መሣሪያ አይነኩም፤ ይዘፍናሉ። በኋላ ዓለም ያወቀውን «የማያቋርጥ ሐዘን ያለበት ሰው» የተባለውን አሮጌ ዘፈን ለልጆቹ ያወረሱት እሳቸው ናቸው። እናታቸው ሉሲ ስታንሊ ደግሞ ባንጆ ይመታሉ፤ በጥፍር ጀርባ ወደ ታች እየመቱ፣ በአውራ ጣት አጭሯን አምስተኛ ክር እያነሡ፣ በጥንቱ አጨዋወት።

ራልፍ ባንጆ እንዴት እንዳገኘ ዕድሜ ልኩን ሲያወራው ኖሯል። የአክስቱ ባንጆ ለሽያጭ ቀርቦ ነበር፤ እንስት አሳማም እንደዚሁ። የሁለቱም ዋጋ አምስት አምስት ዶላር ነው። እናቱ ለሁለቱም የሚሆን ገንዘብ እንደሌላቸው ነግረው ምርጫውን ለእሱ ተዉት። በዚያ ተራራ ላይ አሳማዋ ሞኝነት አልነበረችም፤ ከወለደች ክረምቱን ታሻግራለች፣ ራልፍም የእንስሳት ሐኪም የመሆን ሐሳብ የነበረው ልጅ ነው። ባንጆውን መረጠ። እናቱ ክሩን ቃኝተው አንድ ዜማ አሳዩት፤ የቀረውን ራሱ ፈለገው።

ቤተ ክርስቲያናቸው ፕሪሚቲቭ ባፕቲስት ከሚባሉት ወገን ነበረች። በእነዚህ ዘንድ ኦርጋን የለም፣ ፒያኖ የለም፣ ባንጆማ ጭራሽ አይታሰብም። መሪው የመዝሙሩን አንድ ስንኝ በፍጥነት ያወርደዋል፤ ምእመኑ ተቀብሎ እያንዳንዱን ቃል እየጎተተ፣ እያጣመመ፣ ሁሉም በየራሱ ጉሮሮ እያነሣና እየጣለ ይዘምረዋል። ምቱን የሚቆጥር መሣሪያ ስለሌለ ዜማው የሚረማመደው በሰው ትንፋሽ ልክ ነው። በዚህ አዘማመር ያደገ ልጅ ድምፁን ማሳመር አይማርም። ድምፁን ያለ ምንም ደጋፊ አየር ላይ ማቆም ይማራል።

ከዚያ ጦርነት መጣ። ካርተር በአየር ኃይሉ፣ ራልፍ ጀርመን ውስጥ በእግረኛ ጦሩ አገለገሉ። ካርተር ቀድሞ ተመልሶ የሮይ ሳይክስ ባንድ ውስጥ ገብቶ ነበር። ራልፍ በኦክቶበር 1946 ከሠራዊቱ ተሰናብቶ ሲመጣ ቤቱ እንኳ ሳይደርስ ከወንድሙ ጋር በሬዲዮ ዘፈነ። ወንድማማቾቹ ከሳይክስ ባንድ ጋር ብዙም አልቆዩም፤ ማንዶሊን (ትንሽ ጊታር መሰል መሣሪያ) ተጫዋቹን ፒ ዊ ላምበርትን ይዘው የራሳቸውን ባንድ አቋቋሙ፤ ስሙንም ከአካባቢው ረጅም ተራራ ወሰዱ። ካርተር ጊታር ይዞ ይመራል፣ ያስተዋውቃል፣ ይቀልዳል። ራልፍ ዓይን አፋር ነው፤ ባንጆውን ይዞ ከጎን ይቆማል። ቫዮሊኑን፣ እዚያ አገር ፊድል የሚሉትን፣ ብዙም ሳይቆይ ሌስሊ ኪት ያዘ፤ ዕድሜው አርባ የደረሰ፣ የድሮውን አጨዋወት የተካነ ሰው ነበር። ከጥቂት ሳምንታት የኖርተን ከተማ ሬዲዮ ሥራ በኋላ በ1946 ማብቂያ ላይ ወደ ብሪስቶል ሄዱ።

ብሪስቶል የገባ ሰው ዋናውን መንገድ በተሻገረ ቁጥር ክፍለ ግዛት ይቀይራል፤ የመንገዱ አንድ ወገን ቨርጂኒያ፣ ሌላው ቴነሲ ነው። እዚያ ደብሊው ሲ ዋይ ቢ የተባለ አዲስ ሬዲዮ ጣቢያ በዚያው ዲሴምበር ሥራ ጀምሮ ነበር። «ፋርም ኤንድ ፈን ታይም» የተባለው ፕሮግራሙ የሚተላለፈው እኩለ ቀን ላይ፣ ገበሬው ለምሳ ወደ ቤቱ ሲገባ ነው። የጣቢያው ድምፅ ከቨርጂኒያና ከቴነሲ አልፎ ወደ ኬንታኪ፣ ወደ ዌስት ቨርጂኒያና ወደ ሰሜን ካሮላይና ይዘልቃል። በየሸለቆው ተራርቆ ለሚኖረው ሕዝብ ከዚህ የበለጠ አደባባይ አልነበረም።

የሥራውን አካሄድ ጠጋ ብለን ካላየነው ቅጂውም አይገባንም። የዚያን ዘመን ባንድ እንጀራውን የሚበላው ከሬዲዮው ክፍያ አልነበረም። ሬዲዮው የሚሰጠው የማስታወቂያ ዕድል ነው። አምስቱ ሰዎች አንድ ማይክሮፎን ከበው ይቆማሉ፤ ተራው የደረሰው መሣሪያውን ይዞ ወደፊት ይገባል፣ ሲጨርስ ሌላውን ሳይገጭ ወደኋላ ይወጣል፤ ለሦስት ድምፅ ሲሆን ሦስት ራሶች ግንባር ለግንባር ይገጥማሉ። በዘፈኖቹ መካከል ካርተር የዛሬ ማታውንና የነገ ማታውን ትርዒት ቦታ ይናገራል፤ በፖስታ የሚሸጡትን የዘፈን መጽሐፍና ፎቶግራፍም ያስተዋውቃል። ፕሮግራሙ እንዳለቀ ባስ የሚባለው ትልቁ የክር መሣሪያ መኪናው ጣሪያ ላይ ይታሰራል፤ በጠመዝማዛው የተራራ መንገድ ተጉዘው አንድ የገጠር ትምህርት ቤት አዳራሽ ይደርሳሉ፤ ይጫወታሉ፣ የበሩን ገቢ ይካፈላሉ፣ ሌሊቱን ነድተው ለነገው እኩለ ቀን ይመለሳሉ። በአንድ ሸለቆ ደጋግሞ የታየ ባንድ ይሰለቻል። ያን ጊዜ ወይ ጣቢያ ይቀይራል ወይ አዲስ ነገር ይዞ ይመጣል። ስታንሊዎቹም በዚህ ምክንያት ለተወሰነ ጊዜ ወደ ሰሜን ካሮላይናዋ ራሌ ሄደው ተመልሰዋል።

አዲሱ ነገር ደግሞ በየቅዳሜው ማታ በአየር ላይ ነበር። ከ1945 መጨረሻ ጀምሮ ኧርል ስክራግስ የተባለ የሰሜን ካሮላይና ልጅ ከሞንሮ ጋር ግራንድ ኦል ኦፕሪ በተባለው የናሽቪል ሬዲዮ ትርዒት መድረክ ባንጆን በሦስት ጣት፣ በአውራ ጣት፣ በሌባ ጣትና በመሐል ጣት፣ እንደ ዝናብ ያወርደው ነበር። አድማጩ አበደ። ከዚያ ወዲያ የትም አዳራሽ የገባ ባንጆ መቺ የሚጠበቅበት ይኸው ሆነ። ራልፍ ሲጀምር እንደ እናቱ በጥፍር፣ ቀጥሎም በሁለት ጣት ነበር የሚመታው፤ በብሪስቶል ዓመታት ወደ ሦስት ጣት ተሻገረ። በኋላ ሲጠየቅ ይህን አመታት አስቀድሞ የሰማው ከስክራግስ በፊት ከነበረው ከስናፊ ጄንኪንስ መሆኑን ይናገር ነበር። እውነት አለው፤ የሦስት ጣቱ አመታት በካሮላይና ገጠር ከስክራግስ በፊትም ነበረ። ሆኖም የ1948ቱን ሸክላ የሰማ ሰው ይህን ማስተባበያ በፈገግታ ነው የሚቀበለው።

የባንዱ ዋነኛ የሞንሮ ደቀ መዝሙር ግን ራልፍ ሳይሆን ፒ ዊ ላምበርት ነው። ማንዶሊኑን እንደ ሞንሮ ይመታል፣ እንደ ሞንሮ ወደ ላይ ይጮሃል። በ«ሞሊ እና ቴንብሩክስ» ሸክላ ላይ መሪ ድምፁ የእሱ ነው። ከኪት በኋላ ቫዮሊኑን ከያዙት አንዱ አርት ዉተን ደግሞ በ1939 የሞንሮ የመጀመሪያው ቫዮሊን ተጫዋች የነበረው ሰው ነው። ይህን ሁሉ በአጋጣሚ ማሳበብ አይቻልም።

ዘፈኑ ራሱ የሞንሮ ድርሰት አልነበረም፤ ይህንንም ፍርድ ሰጪ ሊያውቀው ይገባል። ጁላይ 4 ቀን 1878 በኬንታኪ ሉዊቪል ቴን ብሮክ የተባለው የአካባቢው ፈረስ ከካሊፎርኒያ ከመጣችው ሞሊ ማካርቲ ጋር ተወዳድሮ አሸነፈ። ከዚያ ጀምሮ ጥቁሩም ነጩም ሕዝብ ሲዘፍነው የኖረ ነው። ዘፈኑ ሞሊን ገድሎ ይቀብራታል፤ እውነተኛዋ ሞሊ ግን ከውድድሩ በኋላ ለዓመታት ኖራለች። ስለዚህ ግጥሙን ሰረቁ የሚል ክስ አይቆምም። የተወሰደው አጨዋወቱ ነው፤ የአጨዋወት ባለቤትነት የሚመዘገብበት መዝገብ ደግሞ የለም።

ቅጂው እንዴት ቀደመ ለሚለው መልሱ ከሙዚቃው ውጭ ነው። የሙዚቀኞች ማኅበር በ1948 መባቻ አባላቱ ሸክላ እንዳይቀርጹ አገደ። ትልልቆቹ ኩባንያዎች እገዳው እንደሚመጣ ስላወቁ በ1947 መጨረሻ በገፍ ቀርጸው አከማቹ፤ ያከማቹትንም ቀስ በቀስ ያወጡ ጀመር። የሞንሮ ፈረሶች የቆሙት በዚህ በረት ነው። ሪች አር ቶንን የመሰለ የአካባቢ አሳታሚ ግን የሚጠብቀው ነገር አልነበረም። ባለቤቱ ጄምስ ሆባርት ስታንተን ሥራውን የጀመረው በ1946 ነው፤ ስታንሊዎቹን ከ1947 ጀምሮ እየቀረጸ ሸክላቸውን በሬዲዮው ክልል ውስጥ ይሸጥ ነበር።

የሞንሮን ቁጣ ለመረዳት ያ ዓመት ለእሱ ምን ዓይነት እንደነበር ማየት ያስፈልጋል። በ1948 መጀመሪያ ስክራግስና መሪ ድምፁ ሌስተር ፍላት ተከታትለው ጥለውት ወጡ። የራሳቸውን ባንድ አቋቋሙ። በዚያው ዓመት የመጡትም ወደዚያው ወደ ብሪስቶሉ ጣቢያ ነው። በገዛ እጁ የሠራው ድምፅ ከአንድ ትንሽ የተራራ ከተማ በየቀኑ ምሳ ሰዓት ላይ በሌሎች አፍ ይሰማ ጀመር። ከዚያ የባሰው መጣ፦ የሞንሮን የኮሎምቢያ ቀረጻዎች ሲመራ የነበረው አርት ሳዘርሊ ስታንሊዎቹን ለኮሎምቢያ አስፈረማቸው። ሞንሮ ከአስመሳዮቹ ጋር በአንድ ኩባንያ ጥላ ሥር መዋልን አልፈቀደም። ኮሎምቢያን ለቅቆ ዴካ ወደተባለው ሌላ የሸክላ ኩባንያ ሄደ፤ በፌብሩዋሪ 1950 እዚያ መቅረጽ ጀመረ።

እስከዚህ ድረስ ታሪኩ የሞንሮ ነው። ከማርች 1 ቀን 1949 ጀምሮ ግን የሌሎች ይሆናል። ያን ቀን ስታንሊዎቹ ናሽቪል ውስጥ ለኮሎምቢያ የመጀመሪያውን ቀረጻ አደረጉ። ካርተር 23፣ ራልፍ 22 ዓመታቸው ነበር። ትልቁ ኩባንያ በሩን ሲከፍት ይዘው የገቡት የሞንሮን ፈረስ አልነበረም፤ ካርተር የጻፋቸውን የራሳቸውን ዘፈኖች ነው። «ነጯ ርግብ» ከእነዚያ አንዱ ነው። ካርተር ሌሊት ከትርዒት ሲመለሱ፣ በመኪና ውስጥ፣ ጨለማውን በጣሪያዋ መብራት እየገፈፈ እንደጻፈው ራልፍ ተናግሯል። ዘፈኑ የሞቱ እናትና አባት ልቅሶ ነው። ሲጻፍ ግን ሁለቱም ወላጆች በሕይወት ነበሩ፤ አባትየው እስከ 1961፣ እናትየው እስከ 1973 ኖረዋል። ገና ሰው ያልቀበረ ወጣት እንዲህ ማልቀስን ከየት አመጣው? መሣሪያ ከማይገባባት ከዚያች ቤተ ክርስቲያን ይመስለኛል። እዚያ በየሰንበቱ የሚዘመረው ስለ መለየትና ዳግም ስለ መገናኘት ነው።

ድምፃቸው ላይ ያደረጉት ነገር ደግሞ በጥሞና ሊሰማ ይገባል። በተለመደው የሦስት ሰው አዘፋፈን ዜማውን የያዘው መሪ መካከል ላይ ነው፤ አንዱ ከእሱ በላይ፣ ሦስተኛው ከእሱ በታች ይገባሉ። ስታንሊዎቹ የታችኛውን ድምፅ አንሥተው ከሁሉም በላይ ሰቀሉት። ካርተር በቀዝቃዛና በተሰበረ ድምፁ ዜማውን ከሥር ይይዛል። ራልፍ በላዩ ይቆማል። ፒ ዊ ላምበርት ከራልፍ ራስ በላይ ወጥቶ ቀጭን መስመር ያሰምራል። «ነጯ ርግብ»፣ «ብቸኛው ወንዝ» እና «እርሻዎቹ ጠውልገዋል» የተሠሩት በዚህ መንገድ ነው። ያን ሁሉ የሞንሮ ጩኸት ያጠናው የፒ ዊ ጉሮሮ አሁን ሞንሮ ያልሠራውን ነገር እየሠራ ነው። የባንጆውም ዝናብ ረገብ ብሏል፤ ዘፈኖቹ ቀርፋፋ ናቸው፣ በየስንኙ መጨረሻ ላይ ድምፆቹ ለመለያየት የማይፈልጉ ይመስላሉ።

ለኮሎምቢያ እስከ 1952 በጠቅላላው 22 ዘፈኖች ቀረጹ። ከእነዚህ ውስጥ በኖቬምበር 1950 የተቀረጸው የአባታቸው «የማያቋርጥ ሐዘን ያለበት ሰው» ይገኝበታል። ሥራዎቹ ዛሬ የሚሰጣቸውን ክብር ያህል ያን ጊዜ ገንዘብ አላመጡም። በ1951 ባንዱ ተበተነ። ራልፍ በእነዚያ ዓመታት ለጊዜው ዲትሮይት በፎርድ መኪና ፋብሪካ ሠርቷል፤ በ1951 ኦገስት ደግሞ ከፒ ዊ ጋር ከባድ የመኪና አደጋ ደርሶበት ተርፏል።

ካርተርስ? ካርተር በ1951 ሥራ ፍለጋ የሄደው ወደ ቢል ሞንሮ ነው። ሞንሮም ቀጠረው። ከሁለት ዓመት በፊት ኩባንያ ያስለቀቀው ሰው አሁን የብሉ ግራስ ቦይስ ጊታር ተጫዋችና መሪ ድምፅ ሆኖ በዴካ ስቱዲዮ ከሞንሮ ጋር በአንድ ማይክሮፎን ዘፈነ። ቁጣው እንዴት እንደበረደ ብዙ መላምት ይቻላል። እኔ የሚመስለኝ፣ ሞንሮ ከኮሎምቢያው ሸክላ በኋላ ካርተርን እንደ ቀጂ ማየት አልቻለም። ጥሩ መሪ ድምፅ ደግሞ ሁልጊዜ ያስፈልገዋል፤ ባንዱ ውስጥ ሰው አይቆይለትም ነበር። ጥቂት ወራት አብረው ሠሩ፤ ከዚያ ካርተር ወደ ወንድሙ ተመለሰ፣ በ1953ም ወንድማማቾቹ ለመርኩሪ ኩባንያ መቅረጽ ጀመሩ።

በጁላይ 1954 ኤልቪስ ፕሪስሊ የተባለ የሜምፊስ ወጣት የሞንሮን «የኬንታኪ ሰማያዊ ጨረቃ» ቀረጸ። ሞንሮ በ1946 ሲቀርጸው በቫልስ፣ ማለትም በሦስት ምት የሚሄድ የቀስታ ዘፈን ነበር፤ ኤልቪስ ምቱን ቀይሮ አስጋለበው። ከዓመታት በፊት በቅጂው ተቆጥቶ ኩባንያ የለቀቀው ሞንሮ ይህን ሸክላ ሲሰማ ያደረገው ነገር ሌላ ነው። ናሽቪል ሊቀርጹ የመጡትን ስታንሊዎች ጠርቶ ሸክላውን አሰማቸው፤ እንደዚህ አድርጋችሁ ቅረጹት አላቸው። በማግስቱ፣ በኦገስት መጨረሻ፣ በፈጣኑ ምት ለመርኩሪ ቀረጹት። ሞንሮ ራሱ ለዴካ እንደገና የቀረጸው ከእነሱ ከጥቂት ቀናት በኋላ ነው፤ በቫልሱ ጀምሮ ወደ አዲሱ ምት ይገባል። የስታንሊዎቹ ቀረጻ በዚህም ጊዜ የቀደመው ነው።